ዋልያና የስሜን ገበሬ፦ የብርቅዬ አራዊት ጥበቃ ሕጎች ታሪካዊ ጉዞ

መግቢያ

ዋልያ ከኢትዮጵያ በቀር በሌላ አገር፣ በኢትዮጵያም ውስጥ ከስሜን ተራሮች በቀር በሌላ ሥፍራ በተፈጥሮ የማይገኝ የዱር ፍየል ነው። የሚኖረው ከ2,000 ሜትር በላይ ከፍታ ባላቸው ገደላ ገደሎች ላይ ሲሆን፣ ወንዱ ወደ ኋላ ተቆልምሞ በሚወርደው ትልቅ ቀንዱ ይታወቃል። ለአውሮፓ የሥነ ፍጥረት ሊቃውንት ያስተዋወቀው ጀርመናዊው ተጓዥ ኤድዋርድ ሩፔል ነው፤ ሳይንሳዊ ስሙንም የሰጠው እ.ኤ.አ. በ1835 ነበር። የስሜን ሰው ግን ከዚያ እጅግ አስቀድሞ በስሙ ይጠራው፣ ሥጋውን ይበላው፣ ከቀንዱም የመጠጫ ዋንጫ ያበጅ ነበር።

በአሁኑ ጊዜ አብዛኛው ተማሪ ዋልያን የሚያውቀው በመማሪያ መጽሐፍ ሥዕልና በብሔራዊው የእግር ኳስ ቡድን መጠሪያ ነው። እንስሳው «ብርቅዬ» መሆኑንና በሕግ መጠበቁን ተማሪው በቃሉ ይዞታል። ሕጉ እንዴት እንደ ወጣ፣ በወጣ ጊዜ በገደሉ አፋፍ ላይ እነማን ይኖሩ እንደ ነበርና ጥበቃው ማንን ምን እንዳስከፈለው ግን በክፍል ውስጥ እምብዛም አይነሣም።

የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ይህንን ጉድለት በመጠኑ ማሟላት ነው። ታሪኩ በቅደም ተከተል ሲመረመር አንድ ነገር ጎልቶ ይታያል። በየዘመኑ የወጡት ሕጎች ዋልያው መዳን አለበት በሚለው አሳብ አይለያዩም፤ የሚለያዩት ከዋልያው ጋር ተራራውን የሚጋራውን ገበሬ ምን አድርገው እንደ ቆጠሩት ነው። በጽሑፉ ውስጥ «እ.ኤ.አ.» የሚል ምልክት ያልቀደመው ዓመት ሁሉ በኢትዮጵያ አቆጣጠር የተጻፈ ነው።

የአዳኙ ሕግ

በኢትዮጵያ የዱር አራዊትን የሚመለከት ዘመናዊ ሕግ የተጀመረው ከአደን ጋር በተያያዘ ነው። በዳግማዊ ምኒልክ ዘመነ መንግሥት መጨረሻ ገደማ አደንን፣ በተለይም የዝሆን አደንን፣ በልክ ለማድረግ ትእዛዝ ወጥቶ ነበር። የዝሆን ጥርስ በዚያን ጊዜ ከአገሪቱ ዋና ዋና የንግድ ዕቃዎች አንዱ ስለ ነበረ፣ የትእዛዙ መነሻ ለአውሬው ከመራራት ይልቅ ሀብቱ ያለ ጊዜው እንዳያልቅ የመጠንቀቅ ጉዳይ ነበር ማለት ይቻላል።

ከጣሊያን ወረራ በኋላ መንግሥቱ ሲደራጅ፣ በ1936 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1944) የአራዊት ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 61 በነጋሪት ጋዜጣ ታወጀ። አዋጁ የአደን ወቅትን፣ የአደን ሥፍራንና የሚታደነውን ብዛት የመወሰን፣ ፈቃድም የመስጠት ሥልጣንን ለእርሻ ሚኒስቴር የሚሰጥ ነበር። የአዋጁ ሰው አዳኙ ነው፤ ጠብመንጃ የያዘው፣ ፈቃድ የሚያወጣው፣ ሲያጠፋም የሚቀጣው እርሱ ነው።

በስሜን በኩል ግን ይህ አዋጅ ብዙ ኃይል አልነበረውም። በወረራው ዘመን ጠብመንጃ በየቤቱ በመግባቱና ተዋጊው ወገን ሁሉ በተራራው ላይ ስንቅ በመፈለጉ የዋልያው ቁጥር በጣም ቀንሶ ነበር። ከደባርቅ በላይ ባለው አምባ ላይ ፈቃድ የሚጠይቅም ሆነ ፈቃድ የሚሰጥ ሹም አልነበረም። ሕጉ በአዲስ አበባ ሲታወጅ ዋልያው በሚኖርበት ገደል ላይ የሰማው አልነበረም።

ከአውሬው ወደ መሬቱ

በ1950ዎቹ ዓ.ም. አዲስ አስተሳሰብ ገባ። በንጉሠ ነገሥቱ መንግሥት ጥያቄ መሠረት የተባበሩት መንግሥታት የትምህርት፣ የሳይንስና የባህል ድርጅት (ዩኔስኮ) እ.ኤ.አ. በ1963 በእውቁ የሥነ ሕይወት ሊቅ በጁሊያን ሐክስሌይ የሚመራ ቡድን ላከ። ቡድኑ የአገሪቱን የዱር አራዊትና የተፈጥሮ አካባቢ ሁኔታ መርምሮ፣ ብሔራዊ ፓርኮች እንዲቋቋሙና ጉዳዩን የሚመራ መሥሪያ ቤት እንዲደራጅ አሳሰበ። በ1957 ዓ.ም. ሌላ የዩኔስኮ ቡድን ተከትሎ መጣ፤ ጥናቱንም ይበልጥ አጠነከረው። በዚያ ዘመን ይቀርብ የነበረው ግምት በሕይወት ያሉት ዋልያዎች ሁለት መቶ ያህል ቢሆኑ ነው የሚል ነበር።

የባለሙያዎቹ አሳብ ከቀድሞው አዋጅ በመሠረቱ የተለየ ነበር። አንድ አውሬ የሚጠፋው በጥይት ብቻ አይደለም፤ የሚግጥበት ሣር በከብት ሲያልቅ፣ የሚሸሸግበት የአስታ ቁጥቋጦ ለማገዶ ሲቆረጥ፣ የገደሉ አፋፍ ሲታረስም ይጠፋል። ስለዚህ አውሬውን ለመጠበቅ መሬቱን መጠበቅ ያስፈልጋል የሚል ነው። ይህ አሳብ በሳይንስ በኩል ትክክለኛ ነበር። በሕግ በኩል ግን ከባድ ጥያቄ ይዞ መጣ፤ መሬቱ ባለቤት ነበረውና።

በጥቅምት ወር 1962 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1969) የስሜን ብሔራዊ ፓርክ በትእዛዝ ቁጥር 59 ተቋቋመ። ስፋቱ 136 ካሬ ኪሎ ሜትር ያህል ነበር። በዚያው የአውሮፓ ዓመት የአዋሽ ብሔራዊ ፓርክም በትእዛዝ ጸንቷል። ሌሎቹ የአገሪቱ ፓርኮች ለአሥርተ ዓመታት በሥራ ላይ ቢውሉም በነጋሪት ጋዜጣ ወሰናቸው ታውጆ የጸኑት እነዚህ ሁለቱ ብቻ ሆነው ቆዩ። በ1963 ዓ.ም. የዱር አራዊት ጥበቃ ትእዛዝ ቁጥር 65 ሲወጣ የዱር አራዊት ጥበቃ ድርጅት ሕጋዊ መሠረት አገኘ፤ በጥር ወር 1964 ዓ.ም. ደግሞ ዝርዝር ደንቡ (የሕግ ክፍል ማስታወቂያ ቁጥር 416) ታወጀ።

ደንቡ ጥበቃ የሚደረግላቸውን አራዊት በሠንጠረዥ ለየ፤ በብሔራዊ ፓርክ ክልል ውስጥ መኖርን፣ ማረስን፣ ከብት ማሰማራትንና ዛፍ መቁረጥን ከለከለ። እንዲህ ያለው ክልከላ ሰው በሌለበት ምድር ላይ ቢታወጅ የሚያስቸግር አይሆንም ነበር። ስሜን ግን ሰው አልባ ምድር አልነበረም። በጊጭና በሌሎች መንደሮች ገብስ የሚዘሩ፣ በግና ከብት የሚያረቡ ቤተሰቦች ከትውልድ ወደ ትውልድ ኖረውበታል። በጌምድርና ስሜን የርስት አገር እንደ መሆኑም ገበሬው መሬቱን ያገኘው ከአያት ከቅድመ አያቱ በመወለዱ ነው። በሕጉ ፊደል መሠረት አባቱ ያረሰውን ማሳ የሚያርስ ገበሬ በአንድ ጀንበር ሕግ ተላላፊ ሆነ።

በዚህም ምክንያት የሕጉ ሰው ተለወጠ። የ1936ቱ አዋጅ የሚያየው ጠብመንጃ የያዘውን ሰው ነበር፤ የ1964ቱ ደንብ ሞፈርና ቀንበር የያዘውንም ሰው አየ።

የክርክሩ ፍሬ ነገር

ከዚህ በኋላ ለግማሽ ምዕተ ዓመት የቀጠለው ክርክር ሦስት ወገኖች ነበሩት ቢባል ከእውነቱ አይርቅም።

የመጀመሪያው ወገን የጥብቅ ክልል ደጋፊ ነው። የዚህ ወገን ማስረጃ ቀላልና ጠንካራ ነው። ለገበሬው ሌላ መሬት ሊገኝለት ይችላል፤ ለዋልያው ግን ሌላ ስሜን የለውም። ሁለት መቶ ያህል ብቻ የቀረ እንስሳ አንድ ክፉ ዓመት፣ አንድ የከብት በሽታ ሊያጠፋው ይችላል። ድርድሩ እስኪያልቅ መጠበቅ ማለት የሚደራደሩበትን ነገር ማጣት ነው።

ሁለተኛው ወገን የነዋሪውን መብት የሚያስቀድም ነው። ገበሬው ቁልቁለቱን የሚያርሰው በክፋት ሳይሆን ሌላ የሚያርሰው ስለሌለው ነው። ከፓርኩ የሚገኘው ገቢ ወደ መንግሥት ግምጃ ቤት ይገባል፤ ዝናው ለአገር ይሆናል፤ ዕዳውን የሚከፍለው ግን የተራራው ነዋሪ ብቻ ነው። ደግሞም ዋልያው እስከ 20ኛው ምዕተ ዓመት ድረስ የኖረው ከዚሁ ገበሬ ጋር ነው፤ ዘመናዊ ጠብመንጃ ከመግባቱ በፊት ሁለቱም በአንድ ተራራ ላይ ተቻችለው ነበር ይላል።

ሦስተኛው ወገን በ1960ዎቹ በስሜን ከተደረጉት የሳይንስ ጥናቶች ጋር አብሮ ያደገ ነው። ስዊዘርላንዳዊው በርንሃርድ ኒቨርጌልት የዋልያውን አኗኗር፣ የአገሩ ልጅ ሃንስ ሁርኒ ደግሞ የአፈሩን መሸርሸር በስፍራው አጥንተዋል። ሁርኒ ከእ.ኤ.አ. 1975 እስከ 1977 ድረስ የፓርኩ ኃላፊ ሆኖም አገልግሏል። ከዚህ ዓይነቱ ጥናት የተገኘው ዋና ትምህርት የገበሬውና የዋልያው ጠላት አንድ መሆኑ ነው። በቁልቁለት ላይ ያለ እርከን የሚታረሰው ማሳ አፈሩ በየክረምቱ እየታጠበ ምርቱ ይቀንሳል፤ ምርቱ ሲቀንስ ገበሬው ወደ ገደሉ ይበልጥ ይጠጋል፤ ሲጠጋም የዋልያውን መሰማሪያ ይወስዳል። ስለዚህ እርሻውን ሳያሻሽሉ ዋልያውን ማዳን አይቻልም የሚል መደምደሚያ ተገኘ።

ሦስተኛው አሳብ በጽሑፍ ቢሠፍርም በሥራ ላይ ለመዋል ብዙ ዓመት ወሰደበት። በቅድሚያ የተሞከረው የመጀመሪያው ነው።

መንደሮቹ የተነሡበት ዘመን

በየካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት የሕዝብ ሀብት መሆኑ ሲታወጅ የርስት መብት ቀረ። ለጭሰኛው ነፃነት ያመጣው ይኸው አዋጅ፣ የስሜን ገበሬ ከፓርኩ ጋር ለሚያደርገው ክርክር ይዞት የነበረውን ሕጋዊ መሠረት አሳጣው። እ.ኤ.አ. በ1978 ስሜን በዩኔስኮ የዓለም ቅርስ መዝገብ ውስጥ መጀመሪያ ከተጻፉት 12 ሥፍራዎች አንዱ ሆነ። ላሊበላም በዚያው ዓመት ተመዝግቧል። ዓለም ይህን ክብር በሰጠበት ወቅት፣ እ.ኤ.አ. በ1978 እና በ1979 መካከል፣ በሰሜናዊው ገደል ግርጌ የነበሩ መንደሮች ነዋሪዎች በግድ እንዲነሡ ተደረገ።

የዚህ እርምጃ ውጤት ሁለት መልክ ነበረው። በአንድ በኩል መሰማሪያው በመለቀቁ ዋልያው ለጥቂት ዓመታት ተበራከተ። በሌላ በኩል ፓርኩ በአካባቢው ሕዝብ ዘንድ የመፈናቀል ስም ሆነ። እ.ኤ.አ. በ1980 የወጣው የደንና የዱር አራዊት ጥበቃና ልማት አዋጅ ቁጥር 192 የቀድሞዎቹን ሕጎች በአንድነት ቢያጠቃልልም ይህን ቅሬታ የሚፈውስ አልሆነም።

የሕጉ ጥንካሬ የተፈተነው በጦርነቱ ጊዜ ነው። ከ1970ዎቹ አጋማሽ ጀምሮ ስሜን የጦር ሜዳ በመሆኑ የፓርኩ ሠራተኞች ሥፍራውን ለቀው ወጡ፤ ጥበቃው ተቋረጠ፤ መኖሪያና መሥሪያ ቤቶቹም ፈረሱ። በግንቦት 1983 ዓ.ም. መንግሥቱ ሲለወጥ ዋልያውን የሚጠብቅ ዘበኛ አልነበረም። ፓርኩን እንደ ራሱ ንብረት ቆጥሮ በዘበኛው ፈንታ የሚቆም ጎረቤትም አልነበረውም፤ ጎረቤቱ ከክልሉ የተባረረ ወይም እባረራለሁ ብሎ የሚሠጋ ነበርና።

ኢትዮጵያ እ.ኤ.አ. በ1989 በመጥፋት ላይ ያሉ የዱር እንስሳትና ዕፅዋት ዓለም አቀፍ ንግድን የሚቆጣጠረው ስምምነት አባል መሆኗም በዚህ ረገድ የሚጠቀስ ነው። እ.ኤ.አ. በ1973 በዋሽንግተን የተፈረመው ይህ ስምምነት የዝሆን ጥርስንና የመሳሰሉትን ንግድ ለመግታት ታላቅ መሣሪያ ሆኗል። ዋልያውን ያሠጋው ግን የውጭ ገበያ ሳይሆን ማረሻና ከብት ስለ ነበረ፣ በወደብና በአውሮፕላን ማረፊያ የሚሠራው ሕግ ለገደሉ ነዋሪ ሊደርስለት አልቻለም።

ከአደጋ መዝገብ እስከ እርቅ ሙከራ

እ.ኤ.አ. በ1996 የዓለም ቅርስ ኮሚቴ ስሜንን በአደጋ ላይ ከወደቁ ቅርሶች መዝገብ ውስጥ አሠፈረው። የዋልያው ቁጥር ወደ 250 ገደማ ዝቅ ማለቱ፣ በክልሉ ውስጥ ሰፈራና እርሻ መስፋፋቱ፣ ከደባርቅ ወደ መካነ ብርሃን የሚወስደው መንገድም ፓርኩን አቋርጦ መሠራቱ በምክንያትነት ተጠቅሰዋል። የአማራ ክልል ባለሥልጣናት ውሳኔውን መጀመሪያ አልተቀበሉትም ነበር። መንገዱ ለኮሚቴው የአደጋ ምልክት ነበር፤ ለጃናሞራ ሕዝብ ግን የገበያና የሕክምና በር ነበር። በመጨረሻ መፍትሔ ሆኖ የተገኘው መንገዱን መከልከል ሳይሆን በሌላ አቅጣጫ አዙሮ መሥራት ነው።

እ.ኤ.አ. በ2001 የተደረሰበት ስምምነት የአስተሳሰብ ለውጥ የታየበት ነበር። በዳርቻ ያሉ መንደሮች ከፓርኩ ወሰን እንዲወጡ፣ በምትኩ ሰው ያልበዛባቸው የሊማሊሞና የመሳሬሪያ አካባቢዎች ወደ ፓርኩ እንዲጨመሩ፣ በክልሉ ውስጥ የቀረው ነዋሪ ቁጥር እንዲቀንስ፣ የዋልያውና የቀይ ቀበሮው ቁጥርም እንዲጠበቅ ታቀደ። ቀድሞ ሰውን ከመስመሩ ያስወጣ የነበረው ሕግ አሁን በከፊል መስመሩን ከሰው ላይ አነሣ። በ2006 ዓ.ም. አዲሱ ወሰን በሚኒስትሮች ምክር ቤት ደንብ ሲጸና የፓርኩ ስፋት 412 ካሬ ኪሎ ሜትር ደረሰ። መንደሮች ተቀንሰው ፓርኩ ከመጀመሪያው ሦስት እጥፍ መሆኑ ሊታሰብበት የሚገባ ነው።

በዚህ መካከል በ1999 ዓ.ም. የወጣው የዱር እንስሳት ልማት፣ ጥበቃና አጠቃቀም አዋጅ ቁጥር 541 የአካባቢ ኅብረተሰብ በጥበቃውና በጥቅሙ ተካፋይ እንዲሆን በግልጽ ደነገገ። በስሜንም የአካባቢው ተወላጆች በአስጎብኚነት፣ በጥበቃ፣ በወጥ ቤትነትና በበቅሎ ኪራይ ተደራጅተው ከጎብኚው ገቢ ማግኘት ጀመሩ። የዋልያው ቁጥርም አንሰራርቶ እ.ኤ.አ. በ2015 ገደማ ከ800 በላይ ደረሰ።

የመጨረሻውና ከባዱ ጉዳይ ጊጭ ነበር። በፓርኩ መካከል የሚገኘው ይህ መንደር በወሰን ማስተካከል ሊወጣ አይችልም። ከ400 የሚበልጡ ቤተሰቦች እ.ኤ.አ. በ2016 ካሳ ተሰጥቷቸው ወደ ደባርቅ ተዛወሩ። አፈጻጸሙ ከ1970ዎቹ መጀመሪያ ጋር የሚነጻጸር አይደለም፤ በውይይትና በካሳ የተደረገ ነው። ይሁን እንጂ ገብስ ዘርቶና በግ አርብቶ የኖረ ሰው በከተማ ዳር በምን እንደሚተዳደር ካሳው ብቻውን አይመልስም። በ2009 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 2017) ኮሚቴው በክራኮቭ ባደረገው ስብሰባ ስሜንን ከአደጋ መዝገብ ሰረዘ። በዚህ ስረዛ ውስጥ የጊጭ ሰዎች ድርሻ ምን ያህል እንደ ሆነ ለመገመት አያስቸግርም።

ያልተጻፈው ሕግ፦ የመንዝ ጓሳ

እስከ አሁን የተነገረው ከላይ ወደ ታች ስለ ወረደ ሕግ ነው። በአገራችን ከታች የበቀለ ሕግ እንደ ነበረ ደግሞ የመንዝ ጓሳ ምስክር ነው። በሰሜን ሸዋ ደጋ ላይ የሚገኘው ይህ ወደ 100 ካሬ ኪሎ ሜትር የሚጠጋ ምድር ስሙን ያገኘው ለቤት ክዳንና ለገመድ ከሚያገለግለው የጓሳ ሣር ነው። ከ17ኛው ምዕተ ዓመት ጀምሮ የአካባቢው ባለ ርስቶች ጓሳውን በጋራ ሲጠብቁት ኖረዋል። ጠባቂ አለቃ ይመርጣሉ፤ ምድሩን ለተከታታይ ዓመታት ይዘጋሉ፤ ሣሩ ሲደርስ በስምምነት ከፍተው ያጭዳሉ፤ ያለ ጊዜው የገባውን ይቀጣሉ።

የመንዝ ሰው ይህንን ሥርዓት ያቆመው ለቀይ ቀበሮ ብሎ አልነበረም፤ ለሣሩ ብሎ ነው። ነገር ግን ሣሩ በመጠበቁ አይጡ ተጠበቀ፤ አይጡ በመኖሩም አይጥ አድኖ የሚኖረው ቀይ ቀበሮ አብሮ ኖረ፤ ጭላዳውም እንዲሁ። በ1967 ዓ.ም. የርስት ሥርዓት ሲቀር በርሱ ላይ ተመሥርቶ የነበረው የጓሳ አጠባበቅም ፈረሰ። ሆኖም አሳቡ ጨርሶ አልጠፋም፤ ነዋሪው በኋላ በራሱ መተዳደሪያ ደንብ አድሶት ጓሳ የኅብረተሰብ ጥብቅ ሥፍራ ለመሆን በቅቷል።

ጓሳና ስሜን በሁሉም ነገር አይመሳሰሉም። ጓሳ የማይታረስ የጋራ ግጦሽ ነው፤ ስሜን የሚታረስ የግል ማሳ ነበረው። የሣር ክልል ለሕዝቡ የሚታይ ጥቅም ይሰጣል፤ ዋልያ ከጎብኚ መምጣት በፊት ለገበሬው የሚሰጠው ጥቅም ከሥጋውና ከቀንዱ አያልፍም ነበር። ስለዚህ የጓሳን ሥርዓት እንዳለ ወደ ስሜን መውሰድ አይቻልም። ከርሱ መማር የሚቻለው ክልከላን የሚያከብር ሕዝብ ክልከላውን ራሱ የደነገገው ወይም ጥቅሙን በዓይኑ ያየው መሆኑን ነው።

ማጠቃለያ

የዋልያው ሕግ ታሪክ ሦስት ምዕራፍ አለው። መጀመሪያ ሕጉ አዳኙን ተቆጣጠረ፤ ቀጥሎ መሬቱን ከገበሬው ለየ፤ በመጨረሻም ገበሬውን የጥበቃው ተካፋይ ለማድረግ ሞከረ። የመጀመሪያው ገደሉ ድረስ ሳይደርስ ቀረ። ሁለተኛው ደረሰ፤ ውጤቱ ግን ከዘበኛው ጋር አብሮ ሄደ። ሦስተኛው ዋልያውን በቁጥር አበዛው፤ ምንም እንኳ የጊጭን ጥያቄ ፈጽሞ ባይዘጋውም።

ፈተናው አላበቃም። እ.ኤ.አ. ከ2020 ወዲህ በሰሜኑ የአገሪቱ ክፍል በተከታታይ የተነሡት ግጭቶች ጎብኚውን አስቀርተዋል፤ የጥበቃውን ሥራ አዳክመዋል፤ የዋልያው ቁጥርም እንደገና ማሽቆልቆሉ ተነግሯል። የቱሪስት ገቢ ላይ ብቻ የቆመ ተካፋይነት ቱሪስት በቀረ ጊዜ እንደሚናጋ ከዚህ ይታያል። ጠባቂው በሌለበት ቀን በገደሉ ላይ የሚቀሩት ዋልያውና ገበሬው ብቻ ስለ ሆኑ፣ ለሚቀጥለው ሕግ አስቸጋሪው ጥያቄ ገበሬው በዚያን ቀን ዋልያውን የሚያተርፍበት የራሱ ምክንያት ምን ይሆናል የሚለው ነው።

ይህ ጥያቄ ለመምህሩም ይመለከተዋል። ተማሪው «ብርቅዬ አራዊትን መግደል ክልክል ነው» የሚለውን ዓረፍተ ነገር ብቻ ይዞ ከክፍል ከወጣ የተማረው የሕጉን ቅጣት ነው። የ1964ቱን ደንብ፣ የስሜኑን መንገድ፣ የጊጭን መነሣትና የመንዝን ጓሳ ጎን ለጎን አቅርቦ፣ ተማሪዎቹ አንዳንዶቹ የጥበቃ ባለሙያውን፣ ሌሎቹ የተራራውን ገበሬ ወክለው እንዲከራከሩ ማድረግ ለኅብረተሰብ ትምህርትም ለሥነ ሕይወትም የሚያገለግል ትምህርት ይሆናል። በተለይ በደባርቅ፣ በጃናሞራና በበየዳ ባሉ ትምህርት ቤቶች ከተማሪዎቹ መካከል ወላጆቹ ከመንደራቸው የተነሡበት ወይም በጥበቃ ሥራ የሚኖሩ ሊገኙ ይችላሉ። በዚያ ክፍል ውስጥ የሚደረገው ክርክር የቤተሰብ ታሪክ ስለሚሆን መምህሩ የሁለቱንም ወገን ቃል በእኩል ትዕግሥት ሊያዳምጥ ይገባዋል።